ክሊዮፈስ ያልጠራው እርምጃ

ጠጋ በሉ ልጆቼ፤ እግራችሁን ዘርጉና ስሙኝ።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ነው። የካሊፎርኒያ ፀሐይ አናት ትበሳለች፤ ጥቁሮቹ መርከበኞች በሰልፍ አቧራውን እየረገጡ ይሄዳሉ። ክሊዮፈስ ከፊት ሆኖ "ግራ! ቀኝ! ግራ!" ይላል፤ እነሱም በድምፁ ይራመዳሉ።

ቀድሞ እርምጃውን የሚጠራው ጓደኛው ኢዝራ ነበር። ኢዝራ "ግራ"ን እንደ መዝሙር ይስባት ነበር። ባለፈው ወር ወደቡ ላይ ቦምብ ሲጭኑበት የነበረው መርከብ ፈነዳ፤ ከኢዝራ የተገኘው አንድ ጫማው ብቻ ነው። የተረፉት ነጭ መኮንኖች ዕረፍት ተሰጣቸው፤ የተረፉት ጥቁሮች ደግሞ የጓደኞቻቸውን ቅሪት የሚለቅሙበት መጥረጊያና ከረጢት።

ዛሬ ወዴት እንደሚሄዱ የነገራቸው የለም። ብቻ፣ በጦርነት ጊዜ እምቢ ያለ እንደሚረሸን ነጩ መቶ አለቃ ጠዋት አስታውሷቸዋል።

"ባሕር ኃይል ግባ ሲሉኝ ባሕር ላይ የምሄድ መስሎኝ!" አለ ከኋላው ሩፈስ። "እስካሁን ያራሰኝ የገዛ ላቤ ነው።"

ሳቁ። ሳቃቸው ግን ወዲያው ጠፋ፤ መገንጠያው ጋ ደርሰዋል። በቀኝ በኩል መኝታ ቤታቸው ነው። በግራ ወደቡ፤ እዚያ ሌላ መርከብ ሆዱን ከፍቶ ቦምብ ይጠብቃል።

"ክሊዮፈስ፣ ወንድሜ" አለ ሩፈስ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፤ "አንተ ከጠራህ ይሄ እግሬ ሳይጠይቀኝ ይሄዳል እኮ።"

"ዝም በል፣ ሩፈስ።"

"አንተው ራስህ ዝም በል!"

"ወደ ወደቡ!" ጮኸ መቶ አለቃው ከዳር። "ጥራ እንጂ፣ አንተ ልጅ!"

ክሊዮፈስ የሁለት ልጆች አባት ነው፤ መቶ አለቃው ገና ጢም አላወጣም። ክሊዮፈስ አፉን ከፈተ። የኢዝራ ዜማ ምላሱ ላይ መጣ። ሚስቱም መጣችበት፣ ልጆቹም፣ ግድግዳ ተደግፈው የሚረሸኑ ሰዎችም። ጣቶቹ ሱሪውን ጨበጡ፣ ለቀቁ፣ መልሰው ጨበጡ።

አፉን ዘጋ።

ከኋላው እርምጃው ተበላሸ። አንዱ የሌላውን ተረከዝ ረገጠ፣ አንዱ ተደናቀፈ፣ ከዚያ ሁሉም ቆመ።

"አልሰማህም?"

"ሰምቻለሁ፣ ጌታዬ። ሌላ የፈለጉትን ይዘዙኝ። ቦምብ ግን አልነካም። እፈራለሁ።"

መቶ አለቃው ሌላ ሰው እንዲጠራ ወደ ሰልፉ ዞረ። የጠራ ግን የለም። ሩፈስ ግራ እግሩን እንዳነሳ ቀርቷል፤ ከጫማው አቧራ እየረገፈ።

ልጆቼ፣ ሌላውን ብትረሱት አልቀየማችሁም። ያቺን ሳትወርድ የቀረች እግር ግን አስታውሱልኝ።