የወፍጮ ቤቱ በር

ጎረቤታችን ጋሽ ደምመላሽ "ወሰኔን ገፍቷል" ብለው የአባቴን ወፍጮ ቤት በር በድንጋይ ዘጉት። ፍርድ ቤቱ ድንጋዩ እንዲነሳ፣ ፖሊስም በሩን እንዲጠብቅ አዘዘ። ጋሽ ደምመላሽ ግን ሳቁ።

"ትእዛዙን ወስደህ ፍጨው!" አሉት አባቴን።

አባቴ በየማለዳው ፖሊስ ጣቢያ ይሄድ ነበር።

"ሰው የለንም አባባ፤ ነገ እንመጣለን" ይሉታል።

አንድ ጠዋት ጋሽ ደምመላሽ ራሳቸው ከእድሩ ሰዎች ጋር መጥተው ድንጋዩን አነሱ፤ ደጁንም ጠረጉ። እኔ ቆሜ አያቸው ነበር። ምንም አልተሰማኝም።

በማግስቱ ፖሊሶቹ በመኪና ደረሱ።

"በሩ ላይ ድንኳን የተከለው ማነው?" አለ ሳጅኑ። "ይሄ ችሎት መድፈር ነው! ባለ ወፍጮውን ጥሩልኝ፤ በሩን እናስከፍትለታለን።"

ጋሽ ደምመላሽ ከተቀመጡበት ተነሱ።

"ድንኳኑ የእድሩ ነው፤ ባለ ወፍጮውን ትናንት ቀበርነው" አሉ።