ቢጫው ቀሚስ

“ሴት ቢያውቅ በወንድ ያልቃል” ይባላል። በዋሽንግተን ግን፣ ሪፐብሊኩ ገና ድክ ድክ በሚልበት ዘመን፣ የወንዶቹ ጉዳይ የሚያልቀው በወይዘሮ ቶርንቢ ሳሎን ነበር። ሴቶች ድምፅ አይሰጡም፤ ረቡዕ ረቡዕ ግን ኬክ እየቆረሱ ሹመት ያከፋፍላሉ።

ፊቢ ላትሮፕ እዚያ ደጅ ስትጠና ክረምቱ አለፈ። ባሏ ሻምበል ላትሮፕ ምሽጉን ለእንግሊዞች አስረክቧል ተብሎ፣ በሰሜን ጠረፍ ሞት ተፈርዶበታል። ምሕረት የሚያሰጠው የጦር ሚኒስትሩ ነው።

የወይዘሮ ቶርንቢ ምክር አንድ ነበር። “ቢጫ ልበሺ፣ ሳቂ። ወንዶች እንባ ሲያዩ ይሸሻሉ።”

ፊቢ የምትፈራው ወይዘሮ ፔልን ነበር። ሁለቱም አንድ ማረፊያ ቤት ይኖራሉ። ሴትዮዋ ባሏ ከሞተ ጀምሮ ጥቁር እንደለበሰች ነው፤ ከሚኒስትሩ ጆሮ ግን አትጠፋም።

የዚያን ረቡዕ ወይዘሮ ፔል በአሮጌ ሰማያዊ ቀሚስ ብቅ አለች።

“ዓመት እንኳ ሳይሞላው! ሰውየውን ልታጠምድ ነው” አለች አንዷ።

ወይዘሮ ፔል በቀጥታ ወደ ሚኒስትሩ ሄዳ አንሾካሾከች። እሱም ራሱን ነቀነቀ። “ዛሬ አይሆንም፤ ድግስ ላይ ነን” ሲል ፊቢ ሰማች። ደሟ ፈላ።

ሌላው ሁሉ ግን ቀንቷታል። ሰላምታ የሚነፍጓት ወይዛዝርት መንገድ ለቀቁላት። ሚኒስትሩ ራሱ መጠጥ አመጣላትና እጇን ሳመ።

“ጌታዬ፣ የባሌ ነገር...”

“ዛሬ ይጫወቱ፣ እመቤቴ። ነገ ራሴ እቤትዎ እመጣለሁ።”

ሚኒስትር እቤት ድረስ! ፊቢ በደስታ ልትበር ደረሰች። ወይዘሮ ፔል ክንዷን ያዘቻት።

“ልጄ፣ ነይ እንሂድ። ይኼን ቢጫ አውልቂው።”

“ቀኑብኝ እንዴ? የእርስዎ ባል ስለሞተ የኔም እንዲሞት ነው የሚፈልጉት?”

ወይዛዝርቱ ዞረው አዩ። ወይዘሮ ፔል ከንፈሯን ነክሳ ብቻዋን ወጣች። ቫዮሊኑ ቀጠለ፤ ፊቢም እግሯ እስኪዝል ጨፈረች። ለዚያች ሴት በጄ አላለችም፣ ደግ አደረገች።

እያንጎራጎረች ወደ ማረፊያ ቤቷ ተመለሰች፤ ሻማዋን ይዛ ክፍሏን ከፈተች።

አልጋዋ ላይ የወይዘሮ ፔል ጥቁር ቀሚስ ተዘርግቶ ነበር፤ ወገቡ በፊቢ ልክ ጠብቦ።