የዘርፉ ድንኳን

"ዘርፉዬ!… ወይኔ ዘርፉዬ!… እንግዲህ ፀጉሬን ማን ይሥራኝ?!"

እትዬ ሸዋወርቅ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ደረታቸውን እየደቁ ገቡ።

አዳማ ነው… ፀሐዩ ገና በጠዋቱ አናት ይበሳል…

የእድሩ ድንኳን ዘርፉ በር ላይ ተተክሏል… ወንበሩ በጋሪ ተጭኖ መጥቶ ተደርድሯል… ሰፈሩ እሪ ይላል።

"ምነው ምነው በዚህ ዕድሜዋ!"

"በሯን ዘግታ ስትቀመጥ ጠርጥሬ ነበር!"

"እኔኮ ትናንት ላንኳኳ ብዬ… ወጡ እንዳያርርብኝ ተመለስኩ!"

በዚህ መሃል በሩ ሲጥ ብሎ ተከፈተ።

አንዲት ሴት በቢጃማ፣ ፀጉሯ ተንጨብርሮ፣ ብርድ ልብስ ተከናንባ ብቅ አለች።

"ማን ሞቶ ነው?" አለች።

ዘርፉ ናት!

ወገን… የዚያን ቀን ሩጫ ብታዩ! "ጉልበቴን ጉልበቴን" ሲሉ የሚውሉት እትዬ ሸዋወርቅ ቦዩን ዘለውት እኮ ነው! በስመአብ እያሉ፣ አንድ ጫማቸውን ጥለው አስፋልት ደረሱ።

ያልሸሸችው አንዲት ሴት ብቻ ናት። ጋዲሴ… ልብስ ሰፊዋ፣ የዘርፉ ጓደኛ፣ ፊት ለፊት ጎረቤቷ። ድንኳኑ መሃል ቁጭ ብላ ቆሎ ትቆረጥማለች።

"አካም ቡልቴ! እንዴት አደርሽ!" አለቻት እየሳቀች። "ወጣሽ አይደል? ነይ ተቀመጪ!"

ቆይ ላስረዳችሁ…

ዘርፉ ፀጉር ሠሪ ናት። ሳቋ አስፋልቱን ተሻግሮ ይሰማ ነበር። ከክረምቱ ወዲህ ግን ዝም አለች… ፀጉር ቤቷን ዘጋች… ስልኳን ዘጋች… በመጨረሻ በሯን ዘጋች።

ሰው አልሞተባት፣ ንብረት አልጠፋባት። "ምን ጎደለሽ?" ሲሏት መልስ የላትም። ይሄ ደግሞ ይብስ ያሳፍራታል።

ሰፈሩም "በርቺ!" አለ… "ጸልዪ!" አለ… "ጥጋብ ነው!" ያለም አለ… ከዚያ ሰለቸውና ተዋት።

ጋዲሴ ብቻ በወር አንዴ ደራ አክስቷ ጋ ከምትሄድበት ቀን በቀር መስኮቱ ሥር አትጠፋም። ምግብ ታስቀምጣለች፣ ትቀልዳለች፣ ትነዘንዛለች።

የዚያን ዕለት ማለዳ ግን ዘርፉ በመስኮት…

"ተይኝ ጋዲሴ… መኖሩም ደከመኝ" አለቻት።

ጋዲሴ ደነገጠች። በቀጥታ የእድሩ ዳኛ አቶ ማስረሻ ጋ ሄዳ ዓይኗ በዕንባ ቀልቶ "ለዘርፉ ድንኳን ይሰጠኝ" አለች።

እሳቸው ምን ይበሉ? "ነፍስ ይማር!" ብለው ጡሩምባ አስነፉ። አላጣሩም… እሷም አላረመቻቸውም!

አሁን ነገሩ ሲገባቸው ከዘራቸውን እየነቀነቁ መጡ።

"አንቺ ልጅ! እድር ደንብ አለው! ለቆመ ሰው ድንኳን? ሟርተኛ!"

"አባባ ማስረሻ፣ ይቅር ይበሉኝ" አለች ጋዲሴ ተነሥታ። "ሰው ሲሞት ሥራችንን ትተን እንቀመጣለን። ሐዘንተኛን 'ምን ጎደለሽ' አንልም። አብረን ዝም እንላለን… እናጎርሳለን… ቀስ ብለን እናስቃለን። ዘርፉ ብትሞት ይሄን ሁሉ ልታደርጉላት መጥታችሁ የለ? ማሎ… እባካችሁ… እየሰማችን አድርጉላት!"



አቶ ማስረሻ ባርኔጣቸውን አውልቀው አንዱ ወንበር ላይ ቁጭ አሉ።

"እንግዲህ… ከተተከለ አይቀር እስከ ሠልስቱ ይቆይ።"

እትዬ ሸዋወርቅም ጫማቸውን ፍለጋ ተመለሱ። ዘርፉን አገላብጠው ሳሟት።

"ያለቀስኩትን ዕንባ ትመልሺልኛለሽ!" አሏት።

ዘርፉ ደጃፏ ላይ ተቀመጠች። ከደፉ ግን አልወጣችም። ማንም "ውጪ" አላላትም፣ ማንም "በርቺ" አላላትም። ተቀመጡላት በቃ።

በማግስቱ እትዬ ሸዋወርቅን አየት አደረገቻቸውና…

"እትዬ፣ ማነው እንዲህ የሠራዎት? ይሄ ሹሩባ ነው የዶሮ አጥር?"

ድንኳኑ በሳቅ ፈረሰ! ያን ቀን ሴቱ ሁሉ ተራ በተራ ደፉ ሥር እየተቀመጠ ተሠራ።

በሠልስቱ ድንኳኑ ሊነሣ ሆነ። ጋዲሴ ወንበር ትሰበስባለች።

"መስታወት አለሽ?" አለቻት ዘርፉ።

"ቦርሳዬ ውስጥ እዪ።"

ዘርፉ እጇን ሰደደች… የወጣው ግን የመድኃኒት እሽግ ነው።

"ጋዲሴ… ይሄ ምንድን ነው?"

የጋዲሴ ሳቅ ቆመ። አጠገቧ መጥታ ቁጭ አለች።

"ደራ አክስት የለኝም ዘርፉ… ደራን አልፌ አሰላ፣ ሐኪም ጋ ነው የምሄደው። እዚህ ሰው እንዳያየኝ ብዬ። ያንቺው ዓይነት ሕመም ነው… ከያዘኝ ቆይቷል።"

"ያኔ ማን ተቀመጠልሽ?"

"ማን አውቆ? እየሳቅኩ እኮ ነበር።"

ዘርፉ ብርድ ልብሱን ከትከሻዋ ጣለች… አንድ ወንበር አነሣች… ደፉን ተሻገረች።

መንገዱንም ተሻገረች።

ወንበሩን ጋዲሴ በር ላይ አስቀምጣ ቁጭ አለችበት።

"አባባ ማስረሻ! ድንኳኑን እንዳያጥፉት! ወደዚህ ያዙሩልኝ… እዚህም ሐዘንተኛ አለች!"

አቶ ማስረሻ "ደንቡ እኮ…" ብለው ጀመሩ። ከዚያ ወደ ጎረምሶቹ ዞሩና…

"ካስማውን ንቀሉ እንጂ! ምን ቆማችሁ ታያላችሁ?!"

ጋዲሴ ያኔ አለቀሰች… እውነተኛውን ለቅሶ። ዘርፉ እቅፍ አድርጋ ይዛት ቁጭ አለች።

ዛሬ አሰላ የሚሄዱት ሁለቱም አብረው ነው። ሚኒባሱን በሳቅ እየበጠበጡ! ሲመለሱ እትዬ ሸዋወርቅ ከበራቸው ሆነው ይጠይቃሉ…

"አክስታችሁ ደህና ናቸው?"

"ደህና ናቸው እትዬ! ሰላም ብለውዎታል!"

ወገኖቼ… የሚደማ ቁስል ስላላየን ሰው አልታመመም ማለት አይደለም። ሐኪም አለ፣ መድኃኒት አለ፣ ሂዱ፣ አያሳፍርም። አጠገብ የሚቀመጥ ሰው ግን እኛው ነን። ለቀብር የሚሮጥ እግራችን በሕይወት ላለውም ይሩጥ!

እስቲ እናንተ… ያንን ሁሌ የሚያስቃችሁን ጓደኛ "አንተስ እንዴት ነህ?"፣ "አንቺስ?" ብላችሁ፣ መልሱን ቁጭ ብላችሁ የሰማችሁት መቼ ነው?

ኮሜንት ላይ ንገሩኝ… ወይ ኮሜንቱን ተዉትና ሄዳችሁ የጓደኛችሁን በር አንኳኩ። ወጡ ይረር!