ወይን የገባበት ድስት

የወይን ጠርሙሱ ቡሽ "ጷ" ብሎ ሲወጣ ደስ ይለኛል። ሽንኩርቱ ቀልቷል፣ ቲማቲሙ ሟሙቷል፣ የጥብስ ቅጠሉ ቤቱን አውዶታል። አባቴ ድሬዳዋ ከጣሊያኖች ወጥ ቤት የተማራትን ካቻቶራ የምትባል የዶሮ ወጥ፣ እኔ ጭሮ ከተማ ላይ በአንዲት ቡታጋዝ እየሠራሁ ነው። ጠርሙሱን አዘንብዬ ቀይ ወይኑን አንዶቀዱቅበታለሁ። ድስቱ ቸስ ይላል፣ እንፋሎቱ ፊቴን ይመታኛል፣ እኔም እዘፍናለሁ።

ዘፈኑ መሐል ላይ አፌ እንደተከፈተ ይቀራል። የዛሬዋ እንግዳዬ እኮ እማማ ሞሚና ናቸው!

እማማ ሞሚና የቤት አከራዬ ናቸው። ለማስተማር ተመድቤ የመጣሁ ሰሞን ታይፎይድ ሲጥለኝ፣ በየቀኑ ሹርባ እያመጡ በእጃቸው ያጠጡኝ እሳቸው ናቸው። ረመዳን ሲገባ ሳምቡሳው ከጎረቤት ሁሉ ቀድሞ የሚደርሰው እኔ ጋ ነው። እኔ ደግሞ ሳህናቸውን ባዶ ላለመመለስ ብርቱካን እሞላበታለሁ፣ ስኳር እሞላበታለሁ። ቤቴ ቁጭ ብለው፣ እኔ የሠራሁትን ትኩስ ወጥ በልተው ግን አያውቁም። ይሄ ነገር ሲከነክነኝ ኖሯል።

ዛሬ ጠዋት ቆርጬ ተነሣሁ። ዶሮዋን አቅፌ ባለቤታቸው ሐጂ አብዱልቃዲር ዘንድ ሄድኩና "ሐጂ፣ እማማ እንዲበሉልኝ እርስዎ ይረዱልኝ" አልኳቸው። ደስ ብሏቸው ቢላዋቸውን ሞረዱ፤ ዶሮዋን ወደ ቂብላ፣ ወደ መካ አዙረው "ቢስሚላህ" ብለው አረዱልኝ። እንዴት ያለሁ አስተዋይ ነኝ ስል ዋልኩ። የአስተዋይዋን እጅ ግን ማን ይያዛት! አባቴ እንዳስለመዳት ሄዳ ሄዳ ጠርሙሱ ላይ አረፈች።

አሁን ይሄን ወጥ ማን ይበላዋል? እናቴ እዚህ ብትሆን የሙስሊም እርድ ነው ብላ አትነካውም። እማማ ሞሚና ደግሞ በወይኑ ምክንያት አይነኩትም። በዓለም ላይ ከእኔ በቀር የሚበላው ሰው የለም።

"ኢንተለኮ! አለሽ?"

እማማ ሞሚና ናቸው፤ በኦሮምኛ "ልጄ" ማለታቸው ነው። ጠርሙሱን ከዱቄቱ ጆንያ ጀርባ እወሽቀዋለሁ።

"ይግቡ፣ ይግቡ እማማ!"

አዲሱን ድሪያ ቀሚሳቸውን ለብሰው መጥተዋል። ለእኔ ብለው ነው የለበሱት።

"ወላሂ ከግቢ በር ጀምሮ ሽታው ነው የጠራኝ!" ይላሉ አየሩን እየሳቡ። "ምን አረግሽበት?"

"ቲማቲም… ነጭ ሽንኩርት… የጥብስ ቅጠል…"

ወይኑ እኮ ተኗል። ዝም ብል ማን ያውቃል? ይበላሉ፣ ይመርቁኛል፣ እኔም ያሰብኩት ይሞላልኛል። እማማ ሞሚና ዳቦ ቆረስ አድርገው፣ "ቢስሚላህ" ብለው ወደ ድስቱ ጎንበስ ይላሉ። መረቁን ሊያጠቅሱ ነው።

"እማማ፣ እንዳይነኩት!" ጩኸቴ ራሴንም ያስደነግጠኛል። "ወይን ጨምሬበታለሁ። ረስቼ ነው… ወይን አለበት።"

ዳቦው አየር ላይ ይቆማል። አንዴ እኔን፣ አንዴ ድስቱን ያያሉ። ይቀየሙኛል ብዬ እንባዬ ይመጣል።

"ወይን? ያ ሰካራም የሚጠጣው?"

"እሱው ነው።"

"ሐጂን በጠዋት አስነሳሽው… ቂብላ አስዞርሽው… ቢስሚላህ አስባልሽው… ከዛ ወይን?"

ሳቃቸው ከሆዳቸው ይፈነዳል። በርጩማው ላይ ዘጭ ብለው እንባቸውን በሻሻቸው ጫፍ ይጠርጋሉ፤ ሊያቆሙ ይሉና ድስቱን ሲያዩ እንደገና ያገረሽባቸዋል። እኔም እያለቀስኩ አብሬያቸው እስቃለሁ።

"ሳላውቅ ብበላ ወንጀሉ ባንቺ ነበረ" ይላሉ ትንፋሻቸው ሲመለስ። "ነገርሽኝ፣ አልሐምዱሊላህ። ዶሮው ግን አለቀ?"

ዶሮው! ድስቴ ትንሽ ስለሆነች ያስገባሁት ግማሹን ብቻ ነው። ግማሹ ገና ጥሬውን፣ ሎሚና ጨው ውስጥ ተነክሮ ጥግ ላይ ተቀምጧል። ሳሳያቸው በሁለት እጃቸው ጭናቸውን ይመታሉ።

"ታዲያ ምን ያስለቅስሻል! ያንን ወይንሽን ወዲያ አርጊልኝ።"

ብድግ ብለው ይወጣሉ። ሲመለሱ የራሳቸውን ድስት፣ የራሳቸውን ቢላዋና ማማሰያ፣ በሌላ እጃቸው ደግሞ አንድ ጭብጥ ጥቁር ተጣባቂ ነገር፣ ሮቃ የሚባለውን የዛፍ ፍሬ ይዘዋል።

"ወይኑ ወጡን ምን ያረገዋል?"

"ትንሽ ጎምዘዝ ያደርገዋል፣ መልኩንም ያጠቁረዋል።"

"ሮቃም ያጎመዝዛል። ሮቃም ያጠቁራል። ከቦኬ ገበያ የመጣ ነው" ብለው በሞቀ ውሃ ይዘፈዝፉታል።

እሳቸው ሮቃውን በጣታቸው እያሹ ፍሬውን ይለያሉ፣ እኔ ሽንኩርት እከትፋለሁ። አንድ ቡታጋዝ ላይ ትከሻ ለትከሻ እየተጋፋን ነው የምንሠራው። "ቅመም ጨምሪ" ይሉኛል፤ "ጣሊያን ቅመም አያውቅም" እላለሁ። "ምስኪን" ይሉና በርበሬ ቆንጠር አድርገው ጣል ያደርጉበታል። የሮቃው ውሃ ሲገባ መረቁ ልክ እንደ አባቴ ድስት ጠቆር ይላል።

አውጥቼ አቀርብላቸዋለሁ። ዳቦ ቆርሰው ያጠቅሳሉ፣ ይጎርሳሉ። ዓይኔን ከአፋቸው ላይ መንቀል አልቻልኩም።

"እንዴት ነው እማማ?"

እንደገና ያጠቅሳሉ። ዓይናቸውን ጨፍነው ያኝካሉ፣ ቅልጥሟን አንስተው ይግጣሉ፣ ጣታቸውን ይልሳሉ። ደስታዬ አላስቀምጥ ይለኛል።

ከደጅ የሐጂ ሳል ይሰማል። ሽታው እሳቸውንም ጠርቷቸዋል። ጫማቸውን አውልቀው እስኪገቡ፣ እማማ ሞሚና እንዳይሻሟቸው ፈጠን ብለው የሮቃውን ድስት ወደ ጉልበታቸው ሳብ ያደርጉታል።