ከወለል የተጠረገ

ፀጉር አስተካካዩ ወር በገባ ቁጥር፣ እየከፈለ የሚጫወትበት የጌም ድርጅት ከዝርዝሩ የትኞቹን ጌሞች አንስቶ የትኞቹን እንዳስገባ ሳያይ አያድርም። በዚህ ወር ከገቡት አንዱን ሲከፍተው፣ አፉን ከፍቶ የተኛ ሰውዬ ብቅ አለ። ጨዋታው ሰውዬውን ከወለል የተጠረገ ፀጉር ማጉረስ ነው።

«ኤጭ! ቀን ስጠርገው የዋልኩት አነሰኝ?» አለና፣ አንዴ አጉርሶት ጆይስቲኩን ለሚስቱ ወረወረላት።

ወዲያው ምላሱን ከረከረው። ወደ መታጠቢያው ሮጦ ጣቱን አፉ ውስጥ ቢከት፣ እንደ ክር የረዘመ፣ የማያውቀው ሰው ሽበት ከጉሮሮው እየተጎተተ ወጣ። ከንፈሩን ግጥም አደረገ።

«ይሄ ሰውዬ ደግሞ አፉን ዘጋብኝ!» አለች ሚስቱ ከሳሎን።

«አጥፊው!» ብሎ ጮኸ።

«ጎሽ፣ ከፈተልኝ!»