በጎን የተሣለው ሰው

ዋኘው ሰዉን በትከሻው እየገፋ ጎንደር ላይ አዳዲስ መሣሪያዎች የሚታዩበት ድንኳን ውስጥ ገባና ከሞፈሩ ፊት ቆመ። የእሱው ነው። አረንጓዴ ቀለም ቢቀቡትም፣ እርፉ ላይ ሪባን ቢያስሩበትም፣ ሦስት ክረምት ሲጠርበውና ሲያፈርሰው የከረመውን እንጨት ዓይኑን ጨፍኖ ቢዳስሰው አይስተውም። ከእርፉ ሥር የታሰረው የበሬ ቀንድ ዘር ይይዛል፤ ከቀንዱ የወረደው ሸምበቆ ማረሻውን እየተከተለ ዘሩን ትልሙ ውስጥ ጠብ ጠብ ያደርገዋል። አንድ ሰው በአንድ ጊዜ ያርሳል፣ ይዘራል። ዳባት ላይ ጎረቤቶቹ መጀመሪያ «ዋኘው አበደ» ብለው ስቀውበት ነበር፤ አዝመራውን ሲያዩ ግን ሳቁን ተዉት።

ከሞፈሩ በላይ ሥዕሉ ተሰቅሏል። ከዳባት ድረስ በእግሩ የመጣው እሱን ለማየት ነበር።

ዋኘው ፊደል አልቆጠረም። የጎንደሩ ጽሕፈት ቤት «አዲስ መሣሪያ የሠራ ያቅርብ፤ ያሸነፈው ሥራው በስሙ ተመዝግቦለት፣ እያባዛ የሚሠራበት ቤት ይሰጠዋል» ብሎ ያስነገረ ጊዜ፣ ሞፈሩን አስረክቦ በቀጥታ የሄደው ወደ ቁስቋሙ ሠዓሊ ወደ አለቃ ገብረ ሚካኤል ነበር። «አበልጅ፣ ስሜን ቢጽፉት እኔ አላነበው። እርፉን ጨብጬ መልኬን ይሣሉልኝ። ፊርማዬ እሱ ይሁን» አላቸው። አለቃ የልጁ የቢያዝን የክርስትና አባት ናቸው፤ ከእናት ልጅ አይተናነሱበትም። አስቀምጠው ሣሉት፤ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ፣ ልክ እንደ ጻድቃኑ። «አንተ በጎን የምትሣል ሰው አይደለህም» ብለውት ተሳስቀዋል። በጎን በአንድ ዓይን የሚሣለው ይሁዳ ነዋ! ሰይጣን ነው፣ ሰማዕታቱን የሚገርፈው አረመኔ ነው። ይህንን በየቤተ ክርስቲያኑ ግድግዳ ሲያይ ላደገ የጎንደር ሰው ማንም አይነግረውም።

አሁን ግን ሥዕሉ ላይ እርፉን የጨበጠው ሌላ ሰው ሆኖ አገኘው። ኮት የለበሰ፣ ጠጉሩን የከፈለ፣ ሁለት ዓይኑ የበራ። ከኋላው አንድ ባላገር ጅራፍ ይዞ ቆሟል፤ በጎኑ፣ በአንድ ዓይኑ። በባላገሩ ግንባር ላይ ጠባሳ አለ። ዋኘው የገዛ ግንባሩን ዳሰሰ።

አለቃ ከድንኳኑ ጥግ ቆመዋል። ሄዶ ፊታቸው ተደቀነ።

«ምነው አበልጅ? ምን በደልሁዎ?»

«ቀስ በል፣ ሰው ይሰማል» አሉ አለቃ፣ ዓይናቸውን ከመሬት ሳያነሡ። «አዲስ አበባ የሚላከው የተማረ ሰው ሥራ ብቻ ነው አሉኝ። ያ ኮት የለበሰው፣ አቶ ዳኛው፣ የጽሕፈት ቤቱ ሹም የእኅት ልጅ ነው። እኔ እንቢ ብል ሌላ ሠዓሊ ይሥለው ነበር።»

«ሌላው እኔን አያውቀኝ፣ ጨርሶ ይተወኝ ነበር። አንቱ ግን ጠባሳዬን እንኳ ሳይረሱ በአንድ ዓይን አቆሙኝ።»

«ሁለቱም ፊት ለፊት ከሆኑ ሥራው የማን እንደሆነ አይለይም አለኝ ሹሙ። ጨርሰህ ከምትጠፋ ብዬ ነው።»

«እንዲህ ከመቆም መጥፋት ይሻለኝ ነበር» አለ ዋኘው።

ውጭ ድምፅ ማጉያው አምባረቀ። ሹሙ ነው የሚናገረው። «በአምስት ዓመቱ ፕላን መሠረት፣ ምርታችን በዓለም ገበያ ከባሕር ማዶ ምርት ጋር እንዲወዳደር የሚያበቃው፣ እንዲህ ያለ የወጣት ምሁር ፈጠራ ነው!» ሕዝቡ አጨበጨበ። ሞፈሩን አውጥተው ከበሬዎቹ ጋር ጠመዱት። አቶ ዳኛው የሱሪውን እግር ሰብስቦ እርፉን ያዘ፤ ቀንዱ ስንዴ ተሞላ። በሬዎቹ ሄዱ፣ መሬቱ ተገለበጠ፤ አንዲት ፍሬ ግን አልወረደችም። ሰዉ መሳቅ ጀመረ። ሥራዎቹን ሊመርጡ ከአዲስ አበባ የመጡት እንግዳ ፊታቸውን አጨፈገጉ። «የማይሠራ ከሆነ ከዝርዝሩ ይውጣና ሌላ እንይ» አሉ።

ዋኘው ችግሩን ያውቀዋል። ከቀንዱ ሥር የወይራ ውታፍ አለች፤ ከውጭ አትታይም፤ እሷ ሳትነቀል ዘር አይወርድም። ዝም ቢል ሹሙና አቶ ዳኛው ይዋረዱለት ነበር፤ ነፍሱም ዝም በል ትለው ነበር። ግን የሦስት ክረምት ሥራው ለማገዶ ሲጣል ቆሞ ማየት አልሆነለትም። ደግሞስ ሲሠራ ካዩ፣ ይህ ሰው ማን ነው ብለው መጠየቃቸው ይቀራል? ወደ ሜዳው ወርዶ እጁን ከቀንዱ ሥር ሰደደና ውታፏን ነቀላት። በሬዎቹ ሲራመዱ ስንዴው ጠብ፣ ጠብ አለ።

ጭብጨባው አስተጋባ። እንግዳው መጥተው የአቶ ዳኛውን እጅ ጨበጡ። ዋኘው ውታፏን በመዳፉ ይዞ ወደ ሹሙ ተጠጋ።

«ጌታዬ፣ ሞፈሩ የኔ ነው» አለ።

ሹሙ ከት ብሎ ሳቀ። ትከሻውን መታ መታ አደረገው። «እንዴታ አያ! የርስዎም የኔም ነው። የአገር ነው!» እንግዳውም አብረው ሳቁ።

ፎቶ አንሺው መጣና ሁሉንም በየቦታው አቆመ፤ አቶ ዳኛውን ከእርፉ፣ ሹሙንና እንግዳውን ከጎኑ። «አያ፣ እርስዎ ከኋላ። ጅራፉን ይያዙልኝ። ልክ እንደ ሥዕሉ» አለ። ዋኘው ካሜራውን ትክ ብሎ ሲያየው ጊዜ ፎቶ አንሺው ተመልሶ መጣና፣ አገጩን ይዞ ፊቱን በጎን ወደ በሬዎቹ አዞረው።

ከበሬዎቹ ወዲያ አለቃ ገብረ ሚካኤል ቆመው ነበር፤ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይናቸው እያዩት።