ለምንጩ የተሰጠው ሕፃን

ጎረቤቴ ቤሊካ ሦስተኛ ልጇን በሰላም ተገላገለችና፣ ለምንጩ አምላክ ለሞሪታስጉስ ስለቷን አስገባች፤ ከእንጨት ያስቀረጸችውን በጨርቅ የተጠቀለለ ሕፃን ምስል ውኃው ዳር አኖረች። ለእሷ ሦስት፣ ለእኔ አንድም! ይሄ አምላክ ዓይን የለውም? ሰው ዞር ሲል የእንጨቱን ሕፃን ሰርቄ ሳጥኔ ውስጥ ቆለፍኩበት።

በማግስቱ ቤሊካ ልጅ ሳታዝል እየሳቀች መጣች።

"ጨቅላውን ለማን ተውሽው?" አልኳት።

"የምን ጨቅላ?"

"ትናንት ስታጠቢው አይቼሻለሁ እኮ!"

"አንቺ ሴትዮ፣ ከሁለቱ መች አረፍኩና ነው ሦስተኛ የምትጨምሪብኝ?"

ሳቋን አቋርጣ ወደ ሳጥኔ ዞረች።

"ተነሺ እንጂ፣ እህቴ፤ ልጅሽ እንዲህ ሲያለቅስ ዝም ትይዋለሽ?"

ቀሚሴ ደረቴ ላይ በወተት ርሷል።